ተአምር የሚለው ቃል ምን ያመለክታል?

በአሁኑ ጊዜ ተአምር የሚለው ቃል የማይገባበት ቦታ የለም። የእግር ኳስ ተንታኝ በባከነ ሰዓት የተቆጠረችን ግብ ተአምር ይላታል፤ የፀጉር ቅባት ነጋዴ ዕቃውን ተአምረኛ ብሎ ያስተዋውቃል፤ የምጣኔ ሀብት ጸሐፊ ምዕራብ ጀርመን ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ያሳየችውን ዕድገት የኢኮኖሚ ተአምር እያለ ይተነትናል። በማኅበራዊ ሚዲያ ደግሞ ከተሽከርካሪ ወንበር ተነሥቶ የሚራመድ ሰው የሚታይበት አጭር ቪዲዮ ተአምር ተብሎ ይለቀቅና በአንድ ሌሊት ከስልክ ወደ ስልክ ይዞራል። እንዲህ ያለ ቪዲዮ በወጣ ቁጥር ተመልካቹ ወዲያው በሁለት ጎራ ይከፈላል፤ አንዱ «እውነት ነው» ሲል ሌላው «ድራማ ነው» ይላል። ክርክሩ ተደረገ ወይስ አልተደረገም በሚለው ላይ ተጀምሮ እዚያው ላይ ያልቃል፤ ተደረገ የተባለው ነገር ምንን እንደሚያመለክት የሚጠይቅ ሰው እምብዛም አይገኝም። ቃሉ ግን ከመነሻው ሲያስጠይቅ የኖረው ይህንኑ ነበር።

ተአምር ከግእዝ የወረስነው ቃል ነው። ሥሩ አመረ የሚለው ግስ ሲሆን ትርጉሙ አመለከተ፣ አሳየ፣ አስታወቀ ማለት ነው። ከዚሁ ሥር አእመረ ይወጣል፤ ዐወቀ ማለት ነው። በግእዝ ዕውቀት ማለት የነበረው አእምሮም በአማርኛ የዕውቀቱ ማደሪያ ወደ መሆን ተሻግሯል። ምልክት የሚል ትርጉም ያለው ትእምርትም የዚሁ ቤተሰብ አባል ነው፤ በትምህርት ቤት ሰዋስው ስንማር ትእምርተ ጥቅስ፣ ትእምርተ አንክሮ፣ ትእምርተ ሥላቅ እያልን የቆጠርናቸው ሥርዓተ ነጥቦች ስማቸውን ያገኙት ከእርሱ ነው። የሥነ ጽሑፍ ሐያስያንም አንድ ነገር ከራሱ አልፎ ሌላ ነገር ሲወክል ትእምርታዊ ነው ይላሉ። እንግዲህ ዝምድናው ሲቆጠር ተአምር፣ የጥቅስ ምልክት እና አእምሯዊ ንብረት የሚባለው የሕግ ጽንሰ ሐሳብ የአንድ ሥር ልጆች ናቸው ማለት ነው።

ሥሩ በሌሎች ሴማዊ ቋንቋዎችም ይገኛል። በጥንታዊው አካድኛ ማየት፣ በዕብራይስጥ መናገር፣ በዐረብኛ ማዘዝ ማለት ነው። እነዚህ ፍቺዎች ላይ ላዩን ሲታዩ የተራራቁ ይምሰሉ እንጂ ሁሉም የተሰወረን ነገር ወደ ግልጽ በማውጣት ዙሪያ የሚሽከረከሩ ናቸው፤ ያየ ሰው ይናገራል፣ የተናገረ ሰው ያሳውቃል፣ ሥልጣን ያለው ሰው ሲናገር ደግሞ ንግግሩ ትእዛዝ ይሆናል። በዐረብኛ ከዚሁ ሥር የወጣው አማራ የሚለው ስም ምልክት ማለት መሆኑም የግእዙን ፍቺ ያጠናክራል። በነገራችን ላይ ዛሬ በብዙ ጽሑፍ «ተዓምር» እየተባለ በዓይኑ ዓ መጻፉ ሥሩን ያስረሳል፤ ግሱ አመረ ስለሆነ ፊደሉ አልፋው አ ነው። በአፍ ግን ታምር ማለቱ የተለመደ ነው፤ ታምራትና ታምሩ የሚሉት የሰው ስሞችም የመጡት ከዚሁ አነጋገር ነው።

ላቲን ለተመሳሳይ ነገር የሚጠቀምበት ሚራኩሉም የተባለው ቃል መደነቅ ከሚል ግስ የወጣ ነው። ይህ ቃል የሚናገረው ስለ ተመልካቹ ነው፤ አንድ ሰው አይቶ ከተገረመ ሚራኩሉም ተፈጽሟል። የግእዙ ቃል ግን ከተመልካቹ ስሜት ይልቅ ወደ ነገሩ ተግባር ያዘነብላል፤ ተአምር አንድን ነገር የሚያመለክት ክስተት ነው፣ የሚያመለክተው ነገር ከሌለው ደግሞ የቱንም ያህል ቢያስገርም ምልክትነቱ ይቀራል። ግእዝ መገረምን ለመግለጽ ሌላ ቃል ስላለው ሁለቱን መቀላቀል አላስፈለገውም። ያ ቃል መንክር ነው። መንክር የመጣበት ሥር እንግዳ፣ ባዕድ፣ ያልተለመደ የሚል ፍቺ ያለውን ነኪርን ያስገኘ ነው፤ አንከረ ማለትም አንድን ነገር እንግዳ ሆኖበት ተገረመ፣ አደነቀ ማለት ነው። የቃለ አጋኖ ምልክት ትእምርተ አንክሮ መባሉ ከዚህ የተነሣ ነው። አንክሮ በዛሬው አማርኛ ያገኘው ዕጣ ግን ልብ ሊባል ይገባል፤ ጋዜጠኛው «ተሰብሳቢው ንግግሩን በአንክሮ ተከታተለ» ሲል ተሰብሳቢው አፉን ከፈተ ማለቱ ሳይሆን በጥሞና አዳመጠ ማለቱ ነው። መደነቅ ወደ ማስተዋል የተለወጠበት እንዲህ ያለ ቃል በቋንቋው ውስጥ ብዙ አይገኝም።

ምልክትና ድንቅ ተጣምረው የሚነገሩት በመጽሐፍ ቅዱስ ነው። በዕብራይስጡ ኦሪት ስለ ግብፅ መቅሠፍቶች ሲነገር ምልክትን እና አስደናቂ ነገርን የሚገልጹ ሁለት ቃላት አብረው ይሄዳሉ፤ የግሪኩ አዲስ ኪዳንም ይህንኑ ጥምረት ሴሜዮን እና ቴራስ በሚሉ ቃላት ወርሶታል፤ ሦስተኛ ቃል ሲያስፈልገውም ዲናሚስ፣ ማለትም ኃይል ይላል። የዮሐንስ ወንጌል ግን ከሦስቱ የሚመርጠው የመጀመሪያውን ነው። በ1954 ዓ.ም. የታተመው የአማርኛ ትርጉም ውኃው ወይን ጠጅ የሆነበትን የቃናውን ሠርግ ሲተርክ ድርጊቱን «የምልክቶች መጀመሪያ» የሚለው ይህን ተከትሎ ነው። እዚያው ወንጌል ምዕራፍ 4 ላይ «ምልክትና ድንቅ ነገር ካላያችሁ ከቶ አታምኑም» የሚል ወቀሳ አለ። በማቴዎስ ምዕራፍ 24 ደግሞ ሐሰተኞች ነቢያትም «ታላላቅ ምልክትና ድንቅ» እንደሚያሳዩ ተጽፏል። ይህ የመጨረሻው ቃል ለዛሬው ክርክር ከፍ ያለ ክብደት አለው፤ ድርጊቱ በእርግጥ ተፈጽሟል ቢባል እንኳ የአድራጊው እውነተኛነት በዚያ ብቻ እንደማይረጋገጥ ጽሑፉ ራሱ ይናገራልና።

አንድ ድርጊት ብቻውን ስሙን ይዞ እንደማይመጣ የሚያሳይ ትዕይንት በዚያው በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 14 ይገኛል። ከሌሊቱ በአራተኛው ክፍል ኢየሱስ በባሕር ላይ እየተራመደ ወደ ታንኳው ሲመጣ አንባቢ የሚያየው ተአምር ነው። በታንኳው ውስጥ የነበሩት ደቀ መዛሙርት ግን ያንኑ ነገር አይተው «ምትሐት ነው» ብለው ታወኩ፤ በፍርሃትም ጮኹ። ምትሐት ዓይንን የሚያታልል፣ ያለ መስሎ የሚታይ የሌለ ነገር ነው። ዓይናቸው ያየው ነገር አልተሳሳተም፤ ያነበቡበት መንገድ ግን ተሳስቷል፤ ንባባቸውን ያቀናው ደግሞ ሌላ አስደናቂ ትዕይንት ሳይሆን «እኔ ነኝ» የሚል አጭር ቃል ነበር። በተአምርና በምትሐት መካከል ያለው ልዩነት በመጠን ወይም በአስደናቂነት እንደማይለካ ከዚህ የተሻለ ማስረጃ ማግኘት ያስቸግራል።

አማርኛ ከተፈጥሮ በላይ ለሚባሉ ነገሮች ያሉትን ሌሎች ስሞች ብንመረምር እያንዳንዱ የራሱን አካሄድ ያሳያል። አስማት በግእዝ ስሞች ማለት ብቻ ነበር፤ የስም ብዙ ቁጥር ነው። በጸሎትና በክታብ ውስጥ ኅቡእ ስሞችን መጥራት ኃይል አለው ከሚለው እምነት የተነሣ ስሞቹ ራሳቸው የድርጊቱ መጠሪያ ሆኑ። ድግምት ከደገመ የመጣ ነው፤ ተደጋግሞ የሚነበነብ ቃል ማለት ነው። ሁለቱም የሚናገሩት ስለ ዘዴ ነው፤ ምን ሲጠራ፣ ስንት ጊዜ ሲደገም ምን ይሆናል የሚል ስሌት አላቸው። ተአምር ዘዴ የለውም። ሰው ተአምርን ይለምናል ወይም ይጠብቃል እንጂ በቀመር አያስገኘውም፤ በዚህ ቀንና በዚህ ሰዓት ተአምር ይደረጋል ብሎ ማስታወቂያ የሚለጥፍ ሰው፣ ሳያውቀውም ቢሆን፣ ከተአምር መዝገብ ወጥቶ ወደ ድግምት መዝገብ እየገባ ነው።

በሙስሊሙ ኅብረተሰብ ዘንድ የቃላቱ ክፍፍል ከዚህም የጠበቀ ነው። ነቢያት በአላህ ፈቃድ ያሳዩት ከልማድ ውጭ የሆነ ነገር ሙዕጂዛ ይባላል፤ ከሥሩ ስንነሣ ማቃት፣ አቅም ማሳጣት ማለት ስለሆነ ተገዳዳሪውን የሚያስችለው እንዳይኖር የሚያደርግ ነገር ነው። ለወልዮች፣ ማለትም ለአላህ ወዳጆች፣ የሚሰጠው ግን ከራማ ነው፤ ክብር፣ ጸጋ ከሚል ሥር የወጣ። ከራማ በተለይ በወሎ አማርኛ ከሃይማኖቱ ክልል አልፎ የማንኛውንም ሰው ግርማና ሞገስ እስከ መግለጽ ደርሷል። በሦስተኛ ደረጃ የሚመጣው አያ የሚለው ቃል የቁርኣን አንቀጽም ነው፣ ምልክትም ነው፤ የሌሊትና የቀን መፈራረቅ፣ የዝናብ መውረድ፣ የሰው ቋንቋና መልክ መለያየት በቁርኣን ውስጥ ምልክቶች ተብለው ተጠርተዋል። ዘወትር የሚታይ ነገርም ምልክት ሊሆን ይችላል ማለት ነው፤ ግእዙ ትእምርት ከዚህ ሐሳብ ብዙም የራቀ አይደለም።

በኢትዮጵያ ተአምር የሚለውን ቃል በሕዝብ ጆሮ ያሳደረው ከሁሉ በላይ ተአምረ ማርያም ነው። ይህ የማርያም ተአምራት ታሪኮች ስብስብ መጀመሪያ በምዕራብ አውሮፓ በመካከለኛው ዘመን የተጠናቀረ ሲሆን ወደ ዐረብኛ ተተርጉሞ፣ ከዐረብኛውም እ.ኤ.አ. ከ1382 እስከ 1413 በነገሡት በዐፄ ዳዊት ዘመን ወደ ግእዝ ገባ። ከእ.ኤ.አ. 1434 እስከ 1468 የነገሡት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በየአብያተ ክርስቲያናቱ እንዲነበብ በማዘዛቸው የሥርዓተ አምልኮው ክፍል ሆነ፤ ኢትዮጵያውያን ጸሐፍትም የአገራቸውን ታሪኮች እየጨመሩ አበዙት። በመጀመሪያዎቹ ገጾች የሚገኘው የጳጳሱ የደቅስዮስ ታሪክ እስከ ዛሬ የዚያን ጉዞ አሻራ ይዞ ይገኛል፤ ጥሊጥልያ የተባለችው አገሩ የእስፓኟ ቶሌዶ ናት።

ከነዚህ ታሪኮች መካከል የበላዔ ሰብእን ያህል የሚታወቅ የለም። ስሙ ሰው በላ ማለት የሆነው ይህ የቅምር አገር ሰው ቤተሰቡን ሳይቀር 78 ነፍስ በልቷል። አንድ ቀን በውኃ ጥም የሚቃጠል ሕመምተኛ አግኝቶ፣ በእመቤታችን ስም ስለ ተለመነ ጥርኝ ውኃ ሰጠው። ሲሞት ነፍሱ ለፍርድ ቀረበች፤ በሚዛኑ በአንዱ ወገን 78ቱ ነፍሳት፣ በሌላው ወገን ጥርኙ ውኃ ተቀመጠና ውኃው አመዘነ። ይህን ታሪክ ከቃሉ ሥር ጋር አያይዞ ማንበብ ይጠቅማል። በምድር ላይ የተፈጸመው ድርጊት አንድ ሰው ለሌላው እፍኝ የማትሞላ ውኃ መስጠቱ ብቻ ነው፤ ከተፈጥሮ ሕግ የወጣ ነገር የለበትም፤ የተፈወሰ አካል፣ የቆመ ፀሐይ አይታይም። ታሪኩ ግን ተአምር ተብሎ ይነበባል፣ ምክንያቱም ሚዛኑ የምሕረትን ልክ ያመለክታል። ታሪኩን ለጽድቅ የሚያባብል፣ ለኃጢአት ግን የልብ ልብ የሚሰጥ ነው ብለው የሚተቹም አሉ፤ ልብ ብለን ካየነው እነርሱም የሚሟገቱት ታሪኩ ምን ያመለክታል በሚለው ላይ ነው፤ ስለዚህ ከቃሉ ጋር ሳይተላለፉ ተገናኝተዋል። በገድላት አወቃቀርም ይኸው ሥርዓት ይታያል፤ ገድል የሚባለው የጻድቁ ተጋድሎ ሲሆን ተአምሩ ከገድሉ ቀጥሎ ይመጣል፤ ሕይወቱ ሳይነገር ተአምሩ ብቻውን አይቆምም።

የዕለት ተዕለት አማርኛ ቃሉን ወደ ሌላ አቅጣጫ ወስዶታል። «በተአምር አላደርገውም» የሚል ሰው ፈጽሞ አላደርገውም ማለቱ ነው። «ተአምር ካልተፈጠረ በቀር» ስንልም አይሆንም ብለን ደምድመናል። የማይቻለው እንደሚቻል የሚያበሥረው ቃል በአፋችን የአለመቻል ማጥበቂያ ሆኖ ቀረ። «ድንቄም» ደግሞ ድንቅን ገልብጦ መሣለቂያ አድርጎታል። ትርጉም የማይፈለግለት፣ ብቻ የሚያስገርም ነገር ሲያጋጥም ግን ቋንቋው ሌላ የተዘጋጀ ቃል አለው፤ ጉድ ይላል። ጉድ ሳይሰማ መስከረም አይጠባም እንደሚባለው ጉድ የሚሰማ ነገር ነው፤ ተሰምቶ፣ ተወርቶ፣ በሌላ ጉድ ይተካል። በእኔ እምነት ዛሬ ተአምር እየተባለ ከሚሠራጨው ቪዲዮ አብዛኛው፣ እውነትም ይሁን ሐሰት፣ ትክክለኛ ስሙ ጉድ ነው፤ ከመታየት ያለፈ ሥራ አልተሰጠውምና።

የቃል ሥር የዛሬውን አጠቃቀም አስገድዶ እንደማይወስን የታወቀ ነው፤ አስማትን ዛሬ ስሞች ብለን ልንተረጉም አንችልም። የተአምር ጉዳይ የሚለየው ግን የጥንቱ ፍቺ በቅዳሴው፣ በመጽሐፉና በሰዋስው ትምህርቱ ውስጥ አሁንም በሥራ ላይ ስለሚገኝ ነው። ፍቺውን መዘንጋት ደግሞ በሰው ሕይወት ላይ ጉዳት ሲያደርስ ታይቷል። የጸረ ኤች አይ ቪ መድኃኒት በአገራችን እ.ኤ.አ. በ2005 በነጻ መሰጠት ሲጀምር፣ በእንጦጦ ጸበል ይጠመቁ ከነበሩት ሕሙማን መካከል መድኃኒት መውሰድ እምነት ማጉደል መስሏቸው የተዉት ነበሩ። በ1999 ዓ.ም. ፓትርያርክ አቡነ ጳውሎስ ጸበሉና መድኃኒቱ እንደማይጋጩ፣ ሁለቱንም አንድ ላይ መውሰድ እንደሚገባ በአደባባይ ተናገሩ። መድኃኒቱን የተዉት ሰዎች ተአምርን የዕውቀት ባላንጣ አድርገው ተረድተውት ነበር፤ ፓትርያርኩ የያዙት አቋም ግን ተአምርና አእምሮ ከአንድ ሥር ለወጡበት ቋንቋ የቀረበ ነው።

ተአምርን ካለማወቅ ጋር ማያያዝ በሌላ በኩልም ያሳስታል። ሰኔ 14 ቀን 2012 ዓ.ም. ቀለበታማው የፀሐይ ግርዶሽ በላሊበላ ሰማይ ሲታይ ሰዓቱ ከብዙ ዓመታት በፊት ተሰልቶ ታውቆ ነበር። ይህ የሰውን መደነቅ አልቀነሰውም፤ የነገሩ አሠራር መታወቁ ምልክት ከመሆን አይከለክለውም ብሎ የሚያምን ሰውም ከሳይንሱ ጋር የሚጣላበት ምክንያት አልነበረውም። እ.ኤ.አ. በ430 ያረፈው የሂፖው ጳጳስ አውግስጢኖስ ተአምር የሚቃረነው ከተፈጥሮ ጋር ሳይሆን እኛ ስለ ተፈጥሮ ከምናውቀው ጋር ነው ብሎ ጽፏል። ይህ አስተያየት አንድ አደጋ አለው፤ ዕውቀት በሰፋ ቁጥር የተአምር ክልል እየጠበበ ይሄዳል። ተአምርን ማመልከቻ አድርጎ የሚወስደው የግእዙ ፍቺ ግን ለዚህ አደጋ አይጋለጥም፤ ምልክት የሚሠራው ከምን እንደ ተሠራ ባለመታወቁ አይደለምና።

ሰው ሠራሽ አስተውሎት፣ በዓለም ላይ ፈጽሞ ያልነበረን ሰው ከአልጋ አስነሥቶ ማስኬድ በሚችልበት በዚህ ጊዜ ቪዲዮ ብቻውን የሚመሰክርለት ነገር የለም። የፈውስ ነገርን መርምሮ ማየት ከእምነት ጋር እንደማይጣላ ግን ራሳቸው የሃይማኖት ተቋማት አሳይተዋል። እ.ኤ.አ. በ1858 ከተጀመረው ተሳልሞ ወዲህ በፈረንሳይዋ ሉርድ ከ7 ሺህ በላይ የፈውስ ጥቆማዎች ተመዝግበዋል፤ የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ተአምር ብላ ያወጀቻቸው ከሰባ ጥቂት ቢያልፉ ነው። በዚያ ሐኪሞቹ የበሽታውን ምርመራ፣ የፈውሱን ፍጥነትና በየዓመቱ መጽናቱን ይመረምራሉ፤ ሲጨርሱም አሁን ባለው የሕክምና ዕውቀት አልተብራራም ከማለት አያልፉም። ተአምር የሚለውን ቃል ሐኪሙ አይናገረውም፤ ነገሩ ምን እንደሚያመለክት መናገር የጳጳሱ ድርሻ ነው። በአንድ ሌሊት ከስልክ ወደ ስልክ የሚዞረው ቪዲዮ ሁለቱንም ድርሻዎች በአንድ ሰው እጅ ላይ ይሰበስባቸዋል፤ ያ ሰው ብዙውን ጊዜ ድርጊቱን የፈጸመው፣ የቀረጸውና ከሥሩ የባንክ ሒሳብ ቁጥሩን የሚያስቀምጠው ራሱ ነው።